ብርሃናችን ናይሮቢ፣ ትዝታችን ፓሪስ!

«የዓባይን ልጅ ውኃ ጠማው» ይላል ያገሬ ሰው። የኦሞን ልጅ ደግሞ ምን እንደ ጠማው እኔ ልንገራችሁና ፍርዱን ለእናንተ ልተው።

ዛሬ ጨዋታዬን በተረት ልጀምር። አንድ ሕዝብ ነበር አሉ። ሁለት መስታወት ነበረው። አንደኛውን ቀን ፀሐይ ላይ ሲያሰጡት ብርሃን ሲጠጣ ይውላል፤ ማታ ቤት ሲያስገቡት የጠጣውን ይተፋና ጎጆውን ቀን ያስመስለዋል። ሁለተኛው ደግሞ ፊቱ የቆመን ሰው መልክ ይዞ ያስቀራል። ሰውየው ይሞታል፤ መልኩ ግን እዚያው መስታወቱ ውስጥ ቁጭ ብሎ የልጅ ልጅ እስኪመጣ ይጠብቃል። ሕዝቡ እንዲህ ሲኖር ሲኖር አንድ ቀን መስታወቶቹን የሚጠብቅ ሰው መሾም ዘነጋ። ብርሃኑ ወደ ጎረቤት ሄደ፤ ትዝታው እንግዳ ሻንጣ ውስጥ ገባ። ባለቤቱ ጨለማ ውስጥ ተቀምጦ «ለመሆኑ እኔ ማን ነበርኩ?» እያለ ይጠይቅ ጀመር።

ተረቴን መልሱ፣ አፌን በዳቦ አብሱ!

ታዲያ ተረት ነው ብላችሁ እንዳታልፉት። መስታወቶቹ አሉ። በዚህ ዓይኔ አይቻቸዋለሁ። ያየሁትም ወላይታ ውስጥ፣ የኪንዶ ዲዳዬ ወረዳ መቀመጫ ከሆነችው ከሃላሌ ወጣ ብሎ በእግር አንድ ሰዓት ተኩል ከሚያስኬድ መንደር ነው። ለሌላ ጉዳይ ሄጄ ዝናብ ያዘኝና አንድ አዛውንት ቤት ተጠለልኩ። ቤታቸው በእንሰት የተከበበ ነው። ጎደሬ ተቀቅሎ ከዳጣ ጋር ቀረበልኝ። ጣሪያው ላይ ከክንድ የማትበልጥ ሶላር ተቀምጣለች። ግድግዳው ላይ ደግሞ ጠርዟን እርጥበት የበላት አንዲት ጥቁርና ነጭ ፎቶግራፍ በመስታወት ተከድና ተሰቅላለች። ነጠላ ያጣፋች ወጣት ሴት ናት። ባለቤታቸው ነበሩ። በደርግ ዘመን ሶዶ ወርደው ፎቶ ቤት ገብተው የተነሱት ነው። ካረፉ ብዙ ዓመታቸው ነው። ከዚህች ፎቶ በቀር ሌላ መልክ የላቸውም።

አዛውንቱ ጋዜጠኛ መሆኔን ሲሰሙ ጠጋ አሉኝ።

«ልጄ፣ ሶዶ ስትመለስ ይቺን የሚያድስልኝ ሰው ታውቃለህ?»

«የትኛዋን አባባ? ሶላሯን ነው ፎቶዋን?»

ትንሽ አሰብ አደረጉና «ሁለቱም ጠፉብኝ» አሉ።

እውነታቸውን ነው። መብራትም ይጠፋል፣ መልክም ይጠፋል። ያቺን ሶላር አንድ ፍየል ሸጠው ከገበያ ነው የገዟት። ስምንት ወር አበራች። ከዚያ በኋላ ቀኑን ሙሉ ፀሐይ ስትሞቅ ውላ ማታ ሁለት ሰዓት ሳይሞላ ድርግም! ሻጩን ቢጠይቁት «አባባ፣ ዕቃ እኮ ነው» አላቸው። ወረቀት የለ፣ ዋስትና የለ። የልጅ ልጃቸው ኩራዙን አፍንጫው ሥር አስጠግቶ የቤት ሥራውን ሲሠራ አየሁት። ጥቀርሻው አፍንጫው ላይ ተለጥፏል።

ዝናቡ አባርቶ ከደጃፉ ብቅ ስል ምን ባይ ጥሩ ነው? ከሸንተረሩ ማዶ ጉም የተጠመጠመባቸው የብረት ማማዎች ተሰልፈው ቆመዋል። ሽቦአቸው በተራራው ላይ ተዘርግቶ ወደ ሶዶ ይሄዳል። የጊቤ ሦስት መስመር ነው። ኩራዝ ከሚጨስበት ቤት ደጃፍ ላይ ቆመው 400 ሺህ ቮልት ማየት ምን ስሜት እንደሚሰጥ እኔ አልነግራችሁም፤ ሄዳችሁ ቁሙበት።

እስቲ ወደ ነገሩ ሥር እንግባ። እ.ኤ.አ. በ1839 ፓሪስ ከተማ ውስጥ ሁለት ነገር ተወለደ። ዳጌር የተባለው ሰው ብር የተቀባ፣ እንደ መስታወት የተወለወለ የመዳብ ሰሌዳ አዘጋጅቶ የፀሐይ ብርሃን የሰውንና የሕንፃን መልክ እንዲያትምበት ማድረጉ ለዓለም ተገለጠ። ፎቶግራፍ የምንለው ነገር ለሕዝብ የቀረበው በዚሁ ዓመት ነው። በዚያው ዓመት ኤድሞን ቤክሬል የሚባል የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ወጣት ብርሃን ሲያርፍባቸው ኤሌክትሪክ የሚያመነጩ ነገሮች መኖራቸውን ደረሰበት። የዛሬዋ ሶላር የልጅ ልጅ ልጁ ናት። በሲሊከን የተሠራችው ለሥራ የምትበቃ ሶላር ደግሞ አሜሪካ ውስጥ በቤል ቤተ ሙከራ የታየችው እ.ኤ.አ. በ1954 ነው። እንግዲህ ትዝታን የሚይዘው መስታወትና ፀሐይን የሚያጠምደው መስታወት መንትዮች ናቸው ማለት ነው። ሃላሌ አጠገብ አንድ ጎጆ ውስጥ ጎን ለጎን ተገናኝተው፣ ሁለቱም ታመው አገኘኋቸው።

አሁን ከትዝታው ልጀምር።

በ1887 ዓ.ም. መጀመሪያ ወራት (እ.ኤ.አ. በ1894 መጨረሻ) ዳግማዊ ምኒልክ ወላይታን ሊያስገብሩ ሲዘምቱ ቫንደርሃይም የሚባል ለንግድ ሥራ የመጣ ፈረንሳዊ አብሮ ዘመተ። ካሜራ ይዞ ነበር። ካዎ ጦና ቆስለው ተማረኩ። በዘመቻው ስለ ወረደው እልቂትና ስለ ተነዳው ምርኮኛ ሰውየው ጽፏል። አገሩ ሲመለስም እ.ኤ.አ. በ1896 መጽሐፉን ፓሪስ ውስጥ አሳተመ። መጽሐፉ ውስጥ ያሉት ሥዕሎች ራሱ ካነሳቸው ፎቶግራፎች የተወሰዱ ናቸው።

ቁስል ልነካካ አይደለም የተነሳሁት። ያለፈውን ዘመን ለመካሰስ ከሆነ መድረኩ ሞልቷል። እኔ የምለው ሌላ ነው። ወላይታ ለመጀመሪያ ጊዜ በካሜራ መስታወት ፊት ከቆመባቸው ቀኖች አንዱ አገሩ የተያዘበት ቀን ነው። መስታወቱን የያዘውም ከዘማቹ ጋር የመጣ እንግዳ ነው። ሥዕሉ የታተመው ፓሪስ፣ የተነበበው ፓሪስ። የሶዶ ተማሪ የቅድመ አያቱን ዘመን መልክ ማየት ቢፈልግ የሌላ አገር ቤተ መጻሕፍት በር ማንኳኳት አለበት። ይሄ ያሳፍራል ወይስ አያሳፍርም?

«የድሮ ነገር ነው፣ ተወው» የሚለኝ ይኖራል። እሺ፣ የቅርቡን ላንሳ። በኅዳር 1992 ዓ.ም. ሶዶ ላይ የሆነውን የሚያስታውስ አለ? የወላይታ፣ የጋሞ፣ የጎፋና የዳውሮ ቋንቋዎች ተጨፍልቀው «ወጋጎዳ» በሚል ስም የመማሪያ መጽሐፍ ተዘጋጀ። ሕዝቡ ቋንቋዬን መልሱልኝ ብሎ አደባባይ ወጣ። የሰው ሕይወት ጠፋ፣ መምህራን ታሰሩ። በስተመጨረሻ መጽሐፉ ተነስቶ ቋንቋዎቹ በየስማቸው ተመለሱ። ዛሬ ሶዶ ከነሐሴ 2015 ዓ.ም. ጀምሮ የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል መቀመጫ ናት። ያን ጊዜ ያልተወለደ የሶዶ ወጣት ዛሬ ዩኒቨርሲቲ ጨርሶ ሥራ ይፈልጋል። ያንን ቀን በፎቶግራፍ አይቶት ያውቃል? ጠይቁት። እኔ የጠየቅኋቸው ሁሉ «አባቴ ነግሮኛል» ነው ያሉኝ። አባት ሲያልፍስ?

ሶዶ ድሮ ፎቶ ቤቶች ነበሯት። ለሠርግ፣ ለምረቃ፣ ለጊፋታ በዓል፣ ለመታወቂያ ያልተነሳ የለም። ከአርባ ዓመት በላይ የከተማው ሰው ፊት በነዚያ ቤቶች ኔጌቲቭ ላይ ተከማችቶ ነበር። እኔ ልጅ ሆኜ ከእናቴ ጋር የተነሳሁበት አንድ ፎቶ ቤት ዛሬ የለም። ባለቤቱ ሲሞት ወራሾች ቤቱን ለሌላ ንግድ አከራዩት። ኔጌቲቩ የት ደረሰ ብዬ ሳጣራ «በጆንያ ተሞልቶ ተቃጠለ» አሉኝ። የአንድ ከተማ ፊት በጆንያ ተሞልቶ ሲቃጠል እስቲ አስቡት! ያቃጠሉትን አልወቅስም። ዋጋ እንዳለው የነገራቸው ሰው የለም። ደላላ እንኳ ዞር ብሎ ያላየውን ዕቃ ቤተሰብ ምን ብሎ ያስቀምጠው?

ይህ የወላይታ ችግር ብቻ እንዳይመስላችሁ። አገር አቀፍ በሽታ ነው። የቤተ መንግሥቱን ፎቶግራፍ ሲያነሳ የኖረው የአርመኑ የቤድሮስ ቦያጅያን ቤተሰብ ነው፤ አባት በምኒልክ ዘመን ጀምሮ ልጆቹ ተከትለውታል። እነሱ ባይኖሩ የነገሥታቱን መልክ እንኳ ባልያዝነው ነበር። የነገሥታቱ እንዲህ ከሆነ የገበሬው፣ የሸማኔው፣ የመምህሩ፣ የሃላሌዋ ሴትዮ መልክ የማን ኃላፊነት ነው? ወመዘክር ከ1936 ዓ.ም. ጀምሮ አለ። በ1991 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 179ም የአገሪቱን መዛግብት አሰባስቦ የመጠበቅ ሥራ ሰጥቶታል። ግን አዲስ አበባ የተቀመጠ መሥሪያ ቤት በየክፍለ ሀገሩ የሚዘጋውን ፎቶ ቤት ሁሉ እየዞረ ይሰበስባል ብሎ መጠበቅ ከንቱ ነው። አዲስ አበባ ውስጥ ጥቂት ወጣቶች ተነስተው የየቤተሰቡን አሮጌ ፎቶ እየለመኑ፣ እያባዙ፣ ዋናውን ለባለቤቱ እየመለሱ «ቪንቴጅ አዲስ አበባ» የሚል መጽሐፍ እስከ ማሳተም ደርሰዋል። በጀት ተመድቦላቸው አይደለም። ታዲያ ሶዶ ምን ያንሳታል?

«ዛሬ እኮ ሁሉም ሰው ስልኩ ላይ ካሜራ አለው» ትሉኝ ይሆናል። አለው! የሚገርመው የስልኩ ካሜራ ዓይንና ሶላሯ ከአንድ ዘር ናቸው፤ ሁለቱም ብርሃን ሲነካቸው ኤሌክትሪክ የሚወልዱ ሲሊከን ናቸው። ግን ስልኩ ውኃ ውስጥ ሲወድቅ ሦስት ሺህ ፎቶ አብሮ ይሰምጣል። ፌስቡክ ላይ የጫንነውም የተቀመጠው እኛ ቁልፉን በማንይዘው መጋዘን ነው። የዛሬ መቶ ሠላሳ ዓመት ግድም ፓሪስ ነበር፤ ዛሬ አሜሪካ ሆነ። መስታወቱ ተለወጠ እንጂ እጁ አልተለወጠም።

አሁን ወደ ብርሃኑ ልምጣ።

ጊቤ ሦስት ኦሞ ላይ፣ በወላይታና በዳውሮ መካከል የተገነባ ነው። ሥራው በ1998 ዓ.ም. ተጀምሮ ታኅሣሥ 2009 ዓ.ም. ተመረቀ። አሥር ተርባይን አለው፤ ሁሉም ሲሠሩ 1,870 ሜጋ ዋት ያመነጫል። ኃይሉ ሶዶ ይደርሳል። ከሶዶ ደግሞ ሌላ መስመር ይነሳል፤ ባለ 500 ኪሎ ቮልት ነው፤ ከ1 ሺህ ኪሎ ሜትር በላይ ተጉዞ ናይሮቢ አጠገብ ሱስዋ የሚባል ቦታ ይገባል። እስከ 2 ሺህ ሜጋ ዋት ለመሸከም ነው የተሠራው። ኬንያ ከኅዳር 2015 ዓ.ም. ጀምሮ 200 ሜጋ ዋት መግዛት ጀምራለች።

ለኬንያ መሸጡን አልቃወምም። የውጭ ምንዛሪ ያስፈልገናል፤ ጎረቤትም ጎረቤት ነው። ማማው ደጃፌ ስላለፈ ብቻ ሽቦውን ወደ ጎጆዬ ሳቡልኝ የሚል ሰው ካለም መሐንዲሱ ይስቅበታል። 400 ሺህ ቮልት ላይ አምፖል አይሰካም። ማከፋፈያ ጣቢያ ይፈልጋል፣ ትራንስፎርመር ይፈልጋል፣ ምሰሶ ይፈልጋል፣ ገንዘብ ይፈልጋል። ይሄን ሁሉ እናውቃለን። ግን እኮ ሺህ ኪሎ ሜትር ሄዶ ናይሮቢ መድረስ የቻለ ብልሃትና ገንዘብ አሥር ኪሎ ሜትር ወደ ጎን ለመታጠፍ ሲሆን ለምን ያጥረዋል? ግድቡ ሲሠራ የተቆረሰው መሬት የማን ነበር? ወንዙስ የማን ነው?

መንግሥት በ2010 ዓ.ም. ብሔራዊ የኤሌክትሪክ ተደራሽነት ፕሮግራም አወጣ። እ.ኤ.አ. በ2019 ሲከልሰው እስከ 2025 ሁሉም ቤት መብራት ያያል፤ 65 በመቶው ከዋናው መስመር፣ 35 በመቶው ከመስመር ውጭ፣ ማለትም በሶላርና በመሳሰለው ይሆናል አለ። ቀኑ መጣ፣ ሄደ። ኩራዙ ግን እዚያው ነው። «35 በመቶው በሶላር» የተባለውን እኔ የሃላሌውን አዛውንት ጣሪያ ላይ አይቼዋለሁ። የተሰበረ ቃል ጣሪያ ላይ ተሰጥቶ ፀሐይ ይሞቃል።

እዚህ ላይ ሕዝቡ ማወቅ ያለበት አንድ ነገር አለ። ሶላሯ ራሷ ብርሃን አታጠራቅምም። እሷ ፀሐይን ወደ ኤሌክትሪክ መለወጥ ብቻ ነው ሥራዋ። የሚያጠራቅመው ባትሪው ነው። ደህና ሰሌዳ ሃያ ዓመትና ከዚያ በላይ ያገለግላል፤ ርካሽ ባትሪ ግን በወራት ይሞታል። ነጋዴው የሚያሳየን መስታወቷን ነው፤ የሚያታልለን ሆዷ ውስጥ ባለው ባትሪ ነው። ሆዷ ደግሞ በሙጫ ታሽጓል። የዓለም ባንክ ቡድን «ላይቲንግ ግሎባል» በሚባለው ፕሮግራሙ ያስጀመረው የጥራት መለኪያ አለ፤ ዕቃው ተፈትሾ፣ ዋስትና ተጽፎለት ነው የሚያልፈው። ታዲያ ያላለፈው ዕቃ በገበያ ቀን ሸራ ላይ ተዘርግቶ ሲቸበቸብ ተቆጣጣሪው የት ነው? ፍየል ሸጦ ጨለማ የገዛ ገበሬ ለማን አቤት ይበል?

እንግዲህ ማማረር ብቻ ዋጋ የለውምና ልብ ላለው ሰው ጥቂት ነገር ላቅርብ።

አንደኛ፦ ከጊቤ ሦስት መስመር በቅርብ ርቀት ላይ ያሉ ቀበሌዎች ስማቸው በግልጽ ይውጣ። መብራት ያገኘ፣ ያላገኘ፣ መቼ እንደሚያገኝ ቀን ተቆርጦ ይለጠፍ። ዝርዝሩ ከሌለ የለም ይባል። ሕዝቡ ከተስፋ ይልቅ እውነት ቢሰጡት ይመርጣል።

ሁለተኛ፦ ሶላር የሚሸጥ ሁሉ ዋስትናውን በማኅተም ጽፎ ይስጥ። የቴክኒክና ሙያ ተማሪዎች ባትሪ መለወጥ ይማሩ፤ በየወረዳው አንድ አንድ መጠገኛ ቢከፈት ለሥራ አጡም እንጀራ ነው። በሙጫ የታሸገ፣ የማይከፈትና የማይጠገን ዕቃ ድንበር አይለፍ።

ሦስተኛ፦ በ1999 ዓ.ም. የተከፈተው የወላይታ ሶዶ ዩኒቨርሲቲና የዞኑ ባህል ቢሮ ተባብረው አንድ ክፍል፣ አንድ ስካነርና ሁለት ትጉ ሰው ይመድቡ። የሚጠየቀው ይሄው ነው! የየቤቱ ፎቶ ይሰብሰብ፣ ይባዛ፣ ዋናው ለባለቤቱ ይመለስ። የተዘጉ ፎቶ ቤቶች ወራሾች ኔጌቲቩን እንዳያቃጥሉ በሬዲዮ ይነገራቸው። የቫንደርሃይም ሥዕሎችም ቅጂ ተጠይቆ፣ በወላይትኛና በአማርኛ ማብራሪያ ተጽፎላቸው ሶዶ ላይ ይሰቀሉ።

አራተኛው ለእናንተ ለአንባቢዎቼ ነው። ማንንም ሳትጠብቁ ዛሬ ማታ አሮጌውን አልበም አውጡ። አያታችሁ ካሉ አጠገባቸው ተቀመጡ። «ይቺ ማን ናት? ይሄስ? የት ነው? መቼ?» በሉ። የሚነግሯችሁን ከፎቶው ጀርባ ቀስ አድርጋችሁ በእርሳስ ጻፉ። ስም የሌለው ፎቶ ሌላ ሠላሳ ዓመት ሲቆይ የማንም አይደለም።

የአዛውንቱን ነገር ሳልጨርስ አልለያችሁም። የባለቤታቸውን ፎቶ እዚያው በስልኬ አነሳሁት። ሶዶ ስመለስ ኮምፒዩተር የሚችል ልጅ አጸዳልኝ፤ እርጥበቱ የበላው ጠርዝ አልተመለሰም፤ ፊታቸው ግን ቁልጭ ብሎ ወጣ። በትልቁ አሳጥቤ ወደ ሃላሌ በሚሄድ ሹፌር ላክሁላቸው። ሶላሯንም አምጥቼ ነበር። ጠጋኙ ሆዷን በቢላዋ ሰንጥቆ ካየ በኋላ «ይሄ ባትሪ አገር ውስጥ የለም» ብሎ መለሰልኝ።

አንዷን መልሻለሁ። ሁለተኛዋን የመመለስ ዕዳ ግን የእኔ አይደለም። ባለዕዳው ራሱን ያውቃል፤ ማማዎቹ ከሸንተረሩ ላይ ሆነው በጣት ያሳዩታል።